ንቃት በተራ የሚዞርበት ዓለም፦ የአውዛር ፍልስፍና የት ጋ ይፈርሳል?

የጠራ ልጅ

ሰላም ለዚህ ቤት። ከደብረ ብርሃን ነኝ። ብርዱን ታውቁታላችሁ፤ ከመሸ ብርድ ልብስ ውስጥ ገብቶ ከመጻፍ ሌላ ሥራ የለም። አንድ የምናብ ዓለም እየሠራሁ ነው፤ ስሙ አውዛር። ካርታውና የነገሥታቱ ዝርዝር ይቆየን። ዛሬ እንድትፈትሹልኝ የፈለግሁት ስለ ንቃት ያላቸውን እምነት ነው።

የአውዛር ሰዎች ደጋ ላይ ነው የሚኖሩት። ከገደሉ በታች የሚታየው ጉም ብቻ ነው፤ ከዚያ በታች ምን እንዳለ ወርዶ ያየ የለም። (ጣርማ በርን በክረምት ያለፈ ሰው ከየት እንደሰረቅሁት አይጠፋውም።) ትምህርታቸው «ተራ» ይባላል። ንቃት የማንም የግል ንብረት አይደለም ይላሉ። ዓለም ሲፈጠር ተሰፍሮ የተሰጠ ነው፤ አይጨመርም፣ አይቀነስም። ሰው ግን እየበዛ ሄደ። ስለዚህ ሁሉም በአንድ ጊዜ ነቅቶ ሊኖር አይችልም። ንቃት እንደ ወንፈል ይዞራል፤ ዛሬ እኔ ጋ፣ ነገ አንተ ጋ።

ተራ የደረሰው «ተረኛ» ነው። ያልደረሰው «እልፍ ያለ» ይባላል። እልፍ አለ ማለት ተኛ ማለት አይደለም። ያርሳል፣ ገበያ ወጥቶ ይከራከራል፣ ይቀልዳል፣ ይጣላል፣ ይታረቃል። ብታናግሩት ይመልሳል። ውስጡ ግን ማንም የለም። ቡናውን ይጠጣል፤ ጣዕሙ ለማንም አይደርስም።

ታዲያ ሰውየው አይታወቀውም? አይታወቀውም። ተራው ሲመለስ ትዝታው ተሟልቶ ይጠብቀዋል። ትናንት የት እንደዋለ፣ ማን ምን እንዳለው፣ ሁሉም አለ። ስለዚህ «ነበርኩ» ይላል። እንዲህ ያለ መሸፈኛ በኛም ዓለም አለ። መስታወት ፊት ቁሙና መጀመሪያ ግራ ዓይናችሁን፣ ከዚያ ቀኝ ዓይናችሁን እዩ። ዓይናችሁ ሲንቀሳቀስ በጭራሽ አታዩትም። አጠገባችሁ የቆመ ሰው ግን ያየዋል። አእምሮ ያቺን ቅጽበት ይዘጋትና ክፍተት እንዳልነበረ አድርጎ ያቀርብላችኋል። አውዛሮች የሚሉት ክፍተቱ ከዚህ በጣም ይሰፋል ነው።

አንድ ነገር ልጨምር። ተራው በዕጣ አይዞርም። ስቃይ ይጠራዋል። የታመመ፣ የራበው፣ ልጁን የቀበረ ሰው ጋ ንቃት ቶሎ ይመጣል፤ ቶሎም አይሄድም። በአውዛር ነቅቶ መኖር ዕድል ሳይሆን ሸክም ነው። የሚሰቃይ ሰው የሌሎቹንም ተራ ተሸክሞ ነው የሚቆየው። ሰላምታቸውም ከዚህ የመጣ ነው። አንዱ «ለተረኛው ይድረስ» ይላል፤ ሌላው «ይደርሰዋል» ብሎ ይመልሳል። ተረኛው ማን እንደሆነ መጠየቅ ነውር ነው።

እስቲ አፍርሱት።

ኮድ 3

ወንድሜ፣ እኔ እልፍ ያልኩ ሰው ሳልሆን አልቀርም። አይሱዙ ነው የምነዳው። ከጣርማ በር ዋሻ ወጥቼ ደብረ ሲና ስደርስ፣ መሃል ያለውን ጠመዝማዛ በሙሉ የማላስታውስበት ቀን አለ። ማርሽ ቀንሻለሁ። ፍሬን በልክ ይዣለሁ። ለአህያ ጡሩንባ ነፍቻለሁ። መኪናው ምስክር ነው፤ አልተጫረም። ረዳቴም «ስታወራኝ ነበር» ይለኛል።

ግን አንድ ነገር ልንገርህ። እንዲህ የምሆነው መንገዱ የለመድኩት ሲሆን ነው። ድንገት ጉም ሲወርድ ወይ ድንጋይ ተንከባልሎ መሃል አስፋልት ቁጭ ሲል ቀልቤ ወዲያው ይመለሳል። እኔን የሚጠራኝ አዲስ ነገር ነው እንጂ ስቃይ አይደለም። ወገቤማ ሁሌ እንዳመመኝ ነው፤ ለሱ ሲባል ነቅቼ አላውቅም።

ስም የለሽ 19

ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ።

የጠራ ልጅ

@ኮድ 3 ጋሼ፣ ይህቺን አልለቃትም። አውዛር ውስጥ አንድ ወገን አደርጋታለሁ። «አዲስ ይጠራል» የሚሉ። በነሱ አስተምህሮ ሕፃናት ሁልጊዜ ተረኞች ናቸው፤ ለልጅ ሁሉ ነገር አዲስ ነውና። የሸመገለ ሰው ደግሞ ክረምት ሙሉ እልፍ ሊል ይችላል። ልጅ ሆነን አንድ ዓመት አላልቅ ይለን የነበረው፣ ትልቅ ስንሆን መስከረም ከመስከረም የሚገናኘው ለዚህ ነው ይላሉ። ዋናዎቹ የተራ አማኞች ግን አይቀበሏቸውም። የለመደ ሕመም ያለው ሰው ሌሊት ሰው ሁሉ ሲተኛ ከማን ጋር እንደሚያድር ጠይቁት ይላሉ።

@ስም የለሽ 19 ላሟ እልፍ ብላ ነው።

የቅኔ ቤት ልጅ

ሥራህን ወድጄዋለሁ። አሁን ግን ልጣላህ ነው።

በኛ ትምህርት ሰው ከሰባት ባሕርያት ተፈጠረ። አራቱ የሥጋ ናቸው፤ መሬት፣ ውሃ፣ ነፋስ፣ እሳት። ሦስቱ የነፍስ ናቸው፤ ለባዊነት፣ ነባቢነት፣ ሕያውነት። ነፍስ ታስባለች፣ ትናገራለች፣ ሕያዊት ናት። ሦስቱ የአንዲት ነፍስ ናቸው፤ አንዱ ወጥቶ ሁለቱ ቤት አይጠብቁም።

ወዳንተ እልፍ ያለ ሰው እንምጣ። ይኖራል፤ ሕያውነት አለው። ይናገራል፤ ነባቢነት አለው። ገበያ ላይ ዋጋ አስልቶ ይከራከራል ብለሃል፤ እንግዲያው ያስባል፤ ለባዊነትም አለው። ምን ጎደለው? ያወጣህበት ነገር ከሦስቱ አንዱም አይደለም። ስለዚህ ወይ ለነፍስ አራተኛ ባሕርይ ፈጥረህላታል፤ ወይ ከሰውየው ላይ ምንም ሳትወስድ ወሰድኩ እያልክ ነው።

ሁለተኛ። እልፍ ብሎ ሳለ ሰው የገደለ ሰው በማን ይፈረድበታል?

ጥያቄ አያልቅም

@የቅኔ ቤት ልጅ መምህር፣ ያቺ «አራተኛዋ» እኮ ናት ፈላስፎችን ዛሬም የምታባላው። ፈላስፋው ዴቪድ ቻልመርስ በአውሮፓ አቆጣጠር በ1995 «ከባዱ ችግር» ብሎ የለያት እሷን ነው። አእምሮ እንዴት ያሰላል፣ እንዴት ያስታውሳል፣ እንዴት ይናገራል የሚለው ቀላሉ ነው፤ ቀላል ማለት መቶ ዓመት ቢፈጅም በምን መንገድ እንደሚፈታ ይታወቃል ማለት ነው። ከባዱ፣ ይህ ሁሉ ሲሆን ለምን ከውስጥ ይሰማናል የሚለው ነው። ሁሉን የሚሠራ፣ ውስጡ ግን ምንም የማይሰማው ሰው በምናብ ይቻላል ወይ? እሱ ይቻላል አለ። ብዙዎች አይቻልም አሉት፤ ልክ አሁን አንተ እንዳልከው፣ ሁሉን ከሠራ የጎደለ ነገር የለም ብለው።

@የጠራ ልጅ ላንተ ደግሞ የባሰ ጥያቄ አለኝ። እልፍ ያለውም ተረኛውም እኩል የሚናገሩ ከሆነ፣ ስለ ንቃት ሲያወሩም እኩል ነው የሚያወሩት። እልፍ ያለ ካህን ቆሞ «ንቃት በተራ ነው» ብሎ ሊሰብክ ይችላል። ታዲያ ያ ስብከት ከንቃት አልመጣም ማለት ነው። የመጀመሪያው መምህራቸው ይህን ሲያስተምር ተረኛ ነበር? ካልነበረ፣ ስለማያውቀው ነገር በትክክል ተናገረ። ከነበረ፣ መንቃቱ ለንግግሩ ምን ጨመረለት?

የጠራ ልጅ

@ጥያቄ አያልቅም እዚህ ጋ እንድትመጣ እየጠበቅሁ ነበር። የአውዛር መጽሐፍ የሚጀምረው እንዲህ ነው፦ «ይህን ስናገር ማን እየሰማ እንደሆነ አላውቅም፤ እኔንም ጨምሮ።» መምህሩ ስም የለውም። ንግግሩ የወጣው ከአፉ ነው፤ ከሱ ነው ለማለት ግን አይደፍሩም። ስለዚህ አያመልኩትም፤ ሐውልትም አልሠሩለትም። መንቃቱ ለንግግሩ ምንም አይጨምርም ካልከኝ፣ አዎ፣ አይጨምርም። ለንግግሩ ሳይሆን ለሰሚው ነው የሚጨምረው። ቃሉ ያው ቃል ነው፤ አንድ ቦታ ላይ ግን ለአንድ ሰው ይደርሳል።

ይህ መልስ እንደማያጠግብህ አውቃለሁ። እነሱንም አላጠገባቸውም፤ ሁለት ገዳም ተለያይቶበታል።

ሌሊት ተረኛ

ስሜን አይታችሁ እንዳትስቁ። ከዚህ ክር በፊት ያወጣሁት ነው። ማደንዘዣ ክፍል ነው የምሠራው።

ኬታሚን የሚባለውን ማደንዘዣ የወሰደ ሰው አይታችሁ ታውቃላችሁ? ዓይኑ ተገልጧል። ብሌኑ ወዲያ ወዲህ ይላል። አንዳንዱ ያቃስታል፤ አንዳንዱ ቃል ይወጣዋል። ሲነቃ ስለ ቀዶ ጥገናው የሚያውቀው የለም፤ ይልቅ ሌላ ቦታ ሄዶ የመጣ ይመስል የማይያያዝ ነገር ይነግራችኋል። ይህ ለአውዛር ይመቻል፤ ዓይን ተገልጦ ባለቤቱ የለም።

ሚዳዞላም የሚባለው ማረጋጊያ መድኃኒት ግን ሌላ ነው። በትንሹ የተሰጠው ሰው ነቅቶ ያወራል። «እግርህን አንሳ» ስንለው ያነሳል። ሲያመው «አመመኝ» ይላል፤ እጄን ጨምድዶ ይይዛል። ከግማሽ ሰዓት በኋላ «መቼ ነው የምትጀምሩት?» ይለኛል። ጨርሰናል እኮ። እሱ ግን ምንም አያስታውስም። «አልነበርኩም» ብሎ ይምላል። እኔ ፊቱን አይቼዋለሁ፤ ነበረ።

ወንድሜ፣ ያንተ ዓለም ውስጥ ትዝታ የሚዋሸው በአንድ በኩል ብቻ ነው፤ ያልነበረውን ሰው ነበርክ ይለዋል። በተቃራኒውም እንደሚዋሽ በየቀኑ አያለሁ። የነበረውን አልነበርክም ይለዋል። እንግዲህ ትዝታ በሁለቱም በኩል ከዋሸ፣ ማንም ስለ ማንም «እልፍ ብሏል» የሚልበት ማስረጃ የለውም። ካለ ደግሞ አደጋው ይታይህ። አንዲት ምጥ ላይ ያለች ሴት ስትጮህ አጠገቧ የቆመው ሰው «አፏ ነው፣ እሷ የለችም» ቢልስ?

ኮድ 3

እህቴ፣ ከዛሬ ጀምሮ እኔም ያን ጠመዝማዛ ስነዳ ነበርኩ ማለት ነው። ቀለል አለኝ።

የኢፋት ሰው

ሰላም። ከሸዋሮቢት። እናንተ በብርድ ልብስ ትፈላሰፋላችሁ፤ እኛ እዚህ በላብ።

ኢብን ሲና የሚባለው ሐኪምና ፈላስፋ (በአውሮፓ አቆጣጠር ከ980 እስከ 1037 የኖረ) አንድ ሰው አስቡ ይላል። በአንድ ጊዜ ሙሉ ሰው ሆኖ ተፈጠረ። ባዶ ሰማይ ላይ ተንሳፍፏል። አያይም፣ አይሰማም፣ እጁና እግሩ ተራርቀው እርስ በርስ አይነካኩም፣ ነፋስ እንኳ አያገኘውም። ይህ ሰው ሥጋ እንዳለው አያውቅም። መኖሩን ግን ያውቃል። ስለዚህ ነፍስ ከሥጋ ሌላ ናት አለ።

አውዛር ውስጥ ይህን ሰው ብናንሳፍፈውስ? ስቃይ የለበትም፤ ስለዚህ ተራ አይጠራውም። አዲስ ነገርም የለም። በሁለቱም ወገኖቻችሁ እልፍ ይላል። ታዲያ «አለሁ» የሚለው ማን ነው? እኔ በበኩሌ ሰው ራሱን ለማወቅ ከጎረቤት ተራ ይለምናል የሚለው አልተዋጠልኝም።

አወያይ

አንድ አስተያየት አንስቻለሁ። የሰው ሃይማኖት መስደብ እዚህ አይፈቀድም። አውዛርን መስደብ ይፈቀዳል። ቀጥሉ።

ጓሳ ገደል

መሐል ሜዳ ነኝ። የናንተን መጽሐፍ አላነበብኩም፤ ስለ ተራ ግን ትንሽ አውቃለሁ።

ወንፈል አልክ። ወንፈል ይቆጠራል። አንድ ቀን ሠራሁልህ፣ አንድ ቀን ትሠራልኛለህ። የቀረ ሰው ይታወቃል፤ ስሙ ይነሳል። አውዛር ውስጥ የሚቆጥረው ማን ነው? የኛ ጓሳ፣ የመንዝ የሳር መሬት፣ ከ17ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ ቀሮ በሚባል የጋራ አጠባበቅ ሥርዓት ተጠብቆ የኖረ ነው። ሳሩ ለዓመታት ይከለከላል፤ ሲደርስ ሁሉም በልኩ ያጭዳል። ይህ የሆነው ግን ሹም ስለነበረ፣ ጠባቂ ስለነበረ፣ በሌሊት ገብቶ ያጨደ ሰው ስለሚቀጣ ነው። በ1967 የመሬት አዋጅ ቀሮው ሲፈርስ ሳሩ ምን እንደሆነ አባቶቻችን አይተዋል። ዳኛ የሌለው ተራ የጉልበተኛ ነው። የአውዛር ጉልበተኛ ምን ያደርጋል? ንቃት ሸክም ከሆነ ድሃው ላይ ይጥለዋል። ሀብት ከሆነ ደግሞ ሌላውን ገድሎ ተራውን ያረዝማል።

ሌላ ልጨምር፤ ከብት ስጠብቅ ያደግኩበት ነው። ጭላዳ ዝንጀሮ ሲግጥ አይተህ ታውቃለህ? ቁጭ ብሎ፣ በሁለት እጁ ሳር እየነጨ፣ አንገቱን ደፍቶ። መንጋው መቶም ሁለት መቶም ይሆናል። ግን ሁሉም በአንዴ አንገቱን አይደፋም። ዳር ካሉት አንዱ ቀና ይላል፤ ያያል፤ ይደፋል። ሌላው ቀና ይላል። ነብር ወይ ውሻ ብቅ ሲል ያ አንዱ ይጮኻል፤ መንጋው በሙሉ ገደል ይወርዳል። ቀይ ቀበሮ ሲመጣ ግን አይሸሹም። መሃላቸው ቀስ ብሎ ይሄዳል፤ ግልገላቸውን አይነካም፤ እነሱም ዞር ብለው አያዩትም። እሱ አይጥ ነው የሚፈልገው። እዚያው ጓሳ ላይ ያጠኑ ሰዎች በአውሮፓ አቆጣጠር በ2015 እንዳሳተሙት፣ ቀበሮው ብቻውን ሲያድን የሚሳካለት ከ4 ጊዜ አንዱን ነው፤ በጭላዳ መሃል ሆኖ ሲያድን ግን ከ3 ሁለቱን።

ስለዚህ ነቅቶ መጠበቅን በተራ ማድረግ እንስሳም ይችላል። ልብ በል፤ ቀና ያላለው ጭላዳ ግን ባዶ አይደለም። ሳሩን እያጣጣመ ነው።

ጥያቄ አያልቅም

@ጓሳ ገደል ይህስ ከሁላችንም ይበልጣል። ዳክዬዎችም አሉልህ። በአውሮፓ አቆጣጠር በ1999 የወጣ ጥናት ነው። በረድፍ ሲተኙ ዳር ያለችው አንድ ዓይኗን ገልጣ ነው የምትተኛው፤ የተገለጠውም ዓይን ወደ ውጭ የዞረው ነው። የአእምሮዋ ግማሽ ይተኛል፣ ግማሹ ይነቃል። ተራው በአንድ ራስ ውስጥም ይዞራል ማለት ነው። የጠራ ልጅ፣ አውዛር ውስጥ ግማሽ ተረኛ አለ?

የጠራ ልጅ

ግማሽ ተረኛ የለም። ለዳክዬዋ ስል ግን ልፈጥር እችላለሁ።

@ጓሳ ገደል አያ፣ ቆጣሪ የለም። ታሪኩ የሚነሳው ከዚህ ነው። የአውዛር ሀብታሞች ቅጠል ያኝካሉ። ሕመም አይሰማቸውም፣ ሐዘን አይነካቸውም፤ ስለዚህ ተራ አይጠራቸውም። ዕድሜያቸውን ሙሉ እልፍ ብለው፣ ደህና ለብሰው፣ ደህና በልተው ይሞታሉ። ድሃው ነቅቶ ይከፍልላቸዋል። አንዱ ንጉሥ ደግሞ እርስዎ ያሉትን አሰበ፤ ሰው ከቀነሰ ተራው ይረዝማል ብሎ ጦርነት ከፈተ። በተራ የሚያምን ሰው ንቃትን ይፈልጋል ብላችሁ አትገምቱም፤ እሱ ግን ፈለገ። ብቸኛው ንቃት ወዳድ ሰው እሱ ነው፤ ክፉውም እሱ ነው።

@የኢፋት ሰው ላንተ ተንሳፋፊ መልስ የለኝም። እልፍ ካለም «አለሁ» ይላል፤ ይህ የሚያስቀይም መልስ እንደሆነ ይገባኛል።

እንኮዬ አንኮበር

ልጆች፣ እኔ ፍልስፍናውን አልገባበትም። አንድ ነገር ግን ከነከነኝ። ስቃይ ተራን ይጠራል፣ የሚሰቃይ ሰው ለሁሉ ነቅቶ ይቆማል አልክ። ያምራል። ግን ማን ነው ይህን ያስተማረው? የጠገበ ሰው መሆን አለበት። ድሃ ሲራብ «ለኛ ብለህ ነው የነቃኸው፣ ተባረክ» ብሎ ማለፍ እንዴት ይመቻል! እንጀራ መስጠት ቀረ ማለት ነው። ሃምሳ ሎሚ ለሃምሳ ሰው ጌጥ ነው ሲባል ሎሚውን መካፈል ነው እንጂ፣ ተሸካሚውን አንድ አድርጎ አርባ ዘጠኙ ማመስገን አይደለም።

የጠራ ልጅ

እትዬ፣ እንጀራ መስጠት ሕጋቸው ነው። ተረኛውን ማብላት ከሰላምታው ይቀድማል። በጊዜ ብዛት ሰላምታው ብቻ ቆየ፣ እንጀራው ጠፋ። እርስዎ ያሉትን የምትል አንዲት ጠላ ጠማቂ አለች፤ ምዕራፍ 5 ላይ ነው የምትመጣው። «ይደርሰዋል» ብላ መመለስ የተወች የመጀመሪያዋ ሰው ናት። «የታለ የደረሰው?» ትላቸዋለች። ከዚያ ነው ሁሉ ነገር የሚተራመሰው።

እንኮዬ አንኮበር

እሷን አደራ። እንዳትገድልብኝ።

የቅኔ ቤት ልጅ

ሁለተኛው ጥያቄዬ ተዘለለ። እልፍ ብሎ የገደለ በማን ይፈረድበታል?

የጠራ ልጅ

አልዘለልኩትም፤ የሌሊት ተረኛን ነገር እያሰላሰልኩ ነበር። ሕጉ እንዲህ ነው። ስለ ሌላ ሰው «እልፍ ብሏል» ማለት በአውዛር ትልቁ ስድብ ነው፤ ምላስ ያስቆርጣል። እሷ እንዳለችው ማስረጃ ሊኖር አይችልማ። ስለ ራስ ግን ማለት ይቻላል።

ሌሊት ተረኛ

ይህ ይሻላል። ምጥ ላይ ያለችዋን ያድናታል።

የቅኔ ቤት ልጅ

አይሻልም። ስለ ራስ ከተፈቀደ ሌባ ሁሉ ችሎት ቆሞ «በሬውን ስነዳ እልፍ ብዬ ነበር» ሊል ነው።

የጠራ ልጅ

ያለም አለ፤ ምዕራፍ 3። ዳኛው ምን አለው መሰለህ? «እንግዲያው እስር ቤት ስትገባም እልፍ በል፤ አይሰማህም። ግባ።»

ኮድ 3

ይሄ ዳኛ የኛ አገር ሰው ነው።